ክፍሉን እንጂ ግቢውን አልተከራየንም

እኛ የኪራይ ቤት ልጆች ነን። የድሮ ሰዎች ዛሬም ናዝሬት በሚሏት በአዳማ ከፍራንኮ እስከ መብራት ኃይል የገባንበትን የግቢ በር ብንቆጥር ከአንድ እጅ ጣት ይበልጣል። «ቤት ለእንቦሳ» ብሎ የገባ እንግዳ አናስታውስም፤ ለኪራይ ቤት ማን እንዲህ ይላል? ልቀቁ ስንባል የሚባለውን ግን በቃላችን ይዘነዋል። ልጄ ከአረብ አገር ልትመጣ ነው። ቤቱን ላድሰው ነው። ወንድሜ ሊያገባ ነው። «የተሻለ የሚከፍል አገኘሁ» ብሎ እቅጩን የነገረን አንድም አከራይ የለም፤ ይሉኝታ አለና። እናንተም ከሞጆ፣ ከቢሾፍቱ፣ ከባቱ፣ ከሻሸመኔ የመጣችሁ ይህን ሳታውቁት አትቀሩም።

በአገራችን ይህን ጠብ በሕግ ለመዳኘት የተሞከረው ዛሬ አይደለም። ሐምሌ 19 ቀን 1967 የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት አደረገ። በወር እስከ 300 ብር የነበረው ኪራይ ከ15 እስከ 50 በመቶ ተቀነሰ፤ እስከ 100 ብር የሚከራየው ቤት ለቀበሌ፣ ከዚያ በላይ ያለው ለኪራይ ቤቶች ተሰጠ። የግል አከራይ የሚባል ሰው በአዋጅ ጠፋ። ተከራዩ እፎይ አለ፤ ቤቱን የሚያድስለት ግን አላገኘም፣ ጣራው እላዩ ላይ ዛገ።

ውሎ አድሮ የግል አከራይ ተመለሰ። አዳማ ደግሞ ቤት ፈላጊ በዛባት። ከ1992 እስከ 1997 የኦሮሚያ ዋና ከተማ ሆና ከረመች፤ ከዚያ የፈጣኑ መንገድ ከአዲስ አበባ ጋር አቀራረባት፤ በመስከረም 2011 የኢንዱስትሪ ፓርኩ ተመረቀ። ዩኒቨርሲቲው አለ፣ ሆቴሉ አለ። ባለቤቱም በጓሮው በኩል በተርታ ክፍሎች ሠራ፤ አንድ በር፣ አንድ መስኮት፣ ለሁሉም አንድ ቧንቧ፣ አንድ ቆጣሪ፣ አንድ መጸዳጃ። እኛ ያደግነው እዚያ ተርታ ውስጥ ነው።

በ2012 የሆነውን እንንገራችሁ። ወረርሽኙ ገብቶ ትምህርት ቤት ተዘግቶ ነበር፤ አምስት ነፍስ በአንድ ክፍል ውለን እናድራለን። በሚያዝያ ወር የአስቸኳይ ጊዜ አዋጁን ማስፈጸሚያ ደንብ ወጣና አከራይ ተከራይን እንዳያስወጣ፣ ኪራይም እንዳይጨምር ተከለከለ። በሬዲዮ ስንሰማው እናታችን እልል ልትል ምንም አልቀራት። እናታችን እንጀራ ጋግራ የምትሸጥ ሰው ናት።

እትዬ፣ የቤቱ ባለቤት ማለታችን ነው፣ ልቀቁ አላሉንም። ጨምሩም አላሉም። በሳምንቱ የግቢው ቧንቧ ቁልፍ ገባበት። «ውሃው ይባክናል፣ ጠዋት አንድ ሰዓት እከፍታለሁ» አሉ። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ደግሞ ውሃ የለም፤ ፈረቃው ሌሊት ነው የሚመጣው። ጉድጓድ ቆፍሮ መጠጣት በኛ አገር አይሞከርም፤ የስምጥ ሸለቆ ጉድጓድ ፍሎራይድ ይበዛበታል፣ ጥርስ ያበልዛል፣ ሲከፋም አጥንት ይጎዳል። የከተማው ቧንቧ ከአዋሽ የሚመጣውም ለዚህ ነው። ሬዲዮው እጃችሁን ታጠቡ ይላል፤ እኛ ጀሪካን በጋሪ እያስጫንን ውሃ እንገዛለን።

ከዚያ የመብራት ነገር መጣ። «ምጣዱ ቆጣሪውን አስሮጠው» ተባለ። እናታችን «እትዬ፣ የመብራቱን ለብቻው ልክፈል» ብላ ለመነች። «ኧረ የኔ እናት፣ የገንዘብ ነገር አይደለም፣ ሽቦው ይቃጠልብኛል» አሏት። ሊጥ አቡክታ የምታድርበት ቀን ማለዳ ላይ መብራቱ ከዋናው ማጥፊያ ይጠፋል። ሊጡ ኮመጠጠ፣ ደንበኛ ሸሸ። በሰኔ ዕቃችንን በጋሪ ጭነን ወጣን። ጎረቤት ሲጠይቃቸው «እኔ መች አስወጣኋቸው? በገዛ ፈቃዳቸው ነው የወጡት» አሉ። ደንቡን ይዞ ለሚመጣ ሰው መልሱ እውነት ነው። ማንም አላስወጣንም።

እትዬን ለመውቀስ አይደለም ይህን የምንጽፈው። በሦስተኛው ክፍል የነበረው ልጅ ሆቴል አስተናጋጅ ነበር፤ ሆቴሉ ሲዘጋ መክፈል አቃተው፣ ደንቡ ደግሞ እሱንም ማስወጣት ከለከላቸው። ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ከክፍሎቹ ኪራይ በቀር የሚገባላቸው አልነበረም። ጤፍና ዘይት ሲጨምር «የኪራይ ቤት ያላት ናት» ብሎ ዋጋ የሚቀንስላቸው ነጋዴ የለም። ሕጉ የሁለቱን ድሆች እጅ አሰረና ጠቡን ለቧንቧውና ለቆጣሪው ተወላቸው።

አሁን ሌላ አዋጅ አለ። መጋቢት 24 ቀን 2016 የተወካዮች ምክር ቤት ያጸደቀው የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320 ውሉ በጽሑፍ ተደርጎ ይመዝገብ ይላል፤ ከሁለት ዓመት ማነስ የለበትም፣ ቅድሚያ ክፍያው ከሁለት ወር ኪራይ አይበልጥም፣ ጭማሪውን የሚወስነው ተቆጣጣሪው አካል ነው። በክልሎች በየትኛው ከተማ እንደሚሠራበት መወሰኑ ለክልሎቹ ተትቷል። ጥሩ አዋጅ ነው፤ ለደላላ ምላስና ለሦስት ወር ቅድሚያ ልማድ ልጓም ነው። እኛ የምንለው ሌላ ነው።

ሁለት ዓመት የተሰጠን በክፍሉ ውስጥ ነው። ክፍል ግን ሰው የሚተኛበት እንጂ የሚኖርበት ብቻ አይደለም። የምንኖረው በግቢው ነው፦ በቧንቧው፣ በቆጣሪው፣ በልብስ ማስጫው ገመድ፣ በመጸዳጃው ቁልፍ፣ ማታ በሦስት ሰዓት በሚዘጋው በር፣ ከገጠር በመጣ የአክስት ልጅ እንግድነት። በኛ ቤት ውል ላይ የክፍሉ ኪራይና የወሩ ቀን ተጽፎ ነበር፤ ውሃና መብራት የሚል ቃል አንድም አልነበረበትም።

ከዚያ በኋላ ወደ መብራት ኃይል ስንሄድ እናታችን ውሉን ሳትፈርም አራት መስመር አስጨመረች። ውሃው በፈረቃው ሰዓት ለሁሉም ክፍት ይሆናል። ምጣዱ የራሱ ቆጣሪ ይገባለታል፣ ወጪውን እኛ እንችላለን። በሩ እስከ አራት ሰዓት አይዘጋም። እንግዳ ሦስት ቀን ያድራል። አዲሱ አከራይ ሳቁና «ምነው እትዬ፣ እንዲህ ያለ ነገር ይጻፋል እንዴ? ሰው ነን እኮ» አሏት። «ጋሼ፣ ሰው ስለሆንን ነው» አለቻቸው። ፈረሙ። ጭቅጭቅ አልቀረም፤ ግን ሲነሣ ሁለቱም ወደ ወረቀቱ ይመለከታሉ።

ከመካከላችን ነገ ሕግ የሚያረቅ፣ በወረዳ ፍርድ ቤት የሚዳኝ ይወጣል። ተከራይ «በፈቃዱ ወጣ» የሚል መልስ ሲቀርብለት ይቺን አንዲት ጥያቄ እንዲጠይቅልን አደራ፦ ቧንቧው ያን ሰሞን ክፍት ነበር ወይ?