ሕይወት ያተረፈ ትወና

ኮሙኒስቱ ክመር ሩዥ በ1975 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የካምቦዲያን ዋና ከተማ ፕኖም ፔንን ይዞ ነዋሪውን ወደ ገጠር ሲነዳ፣ እናቴ አስተማሪነቷን ደበቀች። «ቸርቻሪ ነኝ፤ ፊደል አልቈጠርሁም» አለች። እኔም ማንበብ እንደማልችል ማስመሰልን በልጅነቴ ተማርሁ። የተማረ፣ መነጽር ያደረገ፣ ፈረንሳይኛ የሚያውቅ ሁሉ በጠላትነት ይጠረጠር ነበር። ቀኑን ሙሉ ቦይ ስንቈፍር ውለን ማታ የሚደርሰን ሩዙ ከውሃው ተለቅሞ የማይገኝ ሾርባ ነበር። አባቴን ለስብሰባ ይፈለጋል ብለው ወሰዱት፤ አልተመለሰም። ያለቀሰ ስለሚጠረጠር እንባችንን ውጠን ወደ ሥራ ሄድን።

በኋላ የፊልም ተዋናይ የሆነው ሃይንግ ንጎርም በዚያው ዘመን እንደኛው ይተውን ነበር። የማህፀን ሐኪም ሆኖ ሳለ ታክሲ ነጂ ነኝ አለ። ታሰረ፣ ተሰቃየ፣ ግን ሐኪምነቱን አላመነም። ሚስቱን ምጥ ሲያስጨንቃት ቀዶ ማዋለድን ቢያውቅም መሣሪያና መድኃኒት አልነበረውም፤ ሐኪምነቱ ቢታወቅ ደግሞ ሁለቱም ይገደሉ ነበር። ዓይኑ እያየ ሞተች።

አገዛዙ በ1979 ከወደቀ በኋላ በታይላንድ በኩል አሜሪካ ገባ። በ1984 ስለዚያ ዘመን በተሠራው «ዘ ኪሊንግ ፊልድስ» ፊልም ላይ ካምቦዲያዊውን ጋዜጠኛ ዲት ፕራንን ሆኖ ተጫወተ፤ ከዚያ በፊት ተዋናይ አልነበረም። በ1985 ኦስካር ተሸለመ። እኔ ፊልሙን ሳይ የለየሁት አቋሙን ነው፤ ዓይኑን መሬት ላይ ጥሎ፣ ትንፋሹን ቈጥቦ፣ ምንም እንደማያውቅ ሰው መቆሙን። እኛም እንዲያ ቆመን ነው ሞትን ያሳለፍነው። ይህን ያስተማረው የፊልም አዘጋጅ አይደለም።

ከዚያ ወዲያ በሁለት የፊልም ዓለማት መካከል ተመላለሰ። በ1987 በሆንግ ኮንጉ የሳሞ ሃንግ የጦርነት ፊልም «ኢስተርን ኮንዶርስ» ላይ ሠራ፤ በ1993 በሆሊውዱ ኦሊቨር ስቶን «ሄቨን ኤንድ ኧርዝ» ቬትናማዊ አባት ሆነ። የካምቦዲያን ሲኒማ የገነቡት ተዋንያንና አዘጋጆች አብዛኞቹ በክመር ሩዥ ዘመን አልቀዋል። ስለዚህ የኛ ሰው በሌላ ሕዝብ ታሪክ ውስጥ ገብቶ ሐዘኑን ይዞ ይታይ ነበር፤ እኛም እርሱን ፍለጋ እነዚያን ፊልሞች እናይ ነበር።

በ1996 ሎስ አንጀለስ ውስጥ ቤቱ ደጃፍ ላይ ተገደለ። የክመር ሩዥን ወንጀል ለመዳኘት በተባበሩት መንግሥታት ድጋፍ የተቋቋመው የካምቦዲያ ፍርድ ቤት በአንድ የክመር ሩዥ ባለሥልጣን ላይ የመጀመሪያ ፍርዱን የሰጠው በ2010 ነው። ዳኞች ሳይሰየሙ፣ ብዙዎቻችን አፋችን ተሳስሮ ሳለ፣ ሃይንግ ንጎር ዓለም ፊት ቆሞ መስክሯል። እኛ የተረፍነው ዋሽተን ነው፤ መዋሸት ላልቻሉት፣ ዋሽተውም ላልተረፉት፣ እውነቱን የመናገር ዕዳ አለብን።