ስለ ባሕር ላም የተጻፈ አቤቱታ

አንድ መልካም ነገር ሲጠፋ፥ «የሚያስጠነቅቅ ሰው ጠፍቶ ነው» ማለት የተለመደ ነው። የስቴለር የባሕር ላም ስለምትባለው እንስሳ ካነበብሁ ወዲህ ግን፥ ይህ አባባል ሁልጊዜ እውነት አለመሆኑን ተረድቻለሁ።

እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1741 ዓ.ም. ለሩስያ መንግሥት ያገለግል የነበረው የዴንማርክ ተወላጅ ቪቱስ ቤሪንግ ከአሜሪካ ጠረፍ ሲመለስ፥ መርከቡ ከካምቻትካ በስተምሥራቅ በምትገኝ ሰው በማይኖርባት ደሴት ተሰበረች። እርሱም በዚያው ዓመት እዚያው ሞተ፤ ደሴቲቱም እስከ ዛሬ በስሙ ትጠራለች። ከተረፉት አንዱ ጌኦርግ ስቴለር የተባለ ጀርመናዊ የተፈጥሮ ሊቅ ነበረ። ያችን እንስሳ በሕይወት ሳለች ተመልክቶ ጠባይዋን በዝርዝር የጻፈልን እርሱ ነው።

የባሕር ላም ርዝመቷ 8 ሜትር ያህል የሚደርስ፥ ጥርስ የሌላት፥ በባሕር ዳር የሚበቅለውን ሣር ስትግጥ የምትውል የዋህ ፍጥረት ነበረች። ስቴለር እንደ ጻፈው፥ አንዲቱ በሜንጦ ስትያዝ ሌሎቹ ሊያስጥሏት ይታገሉ ነበር፤ አንድ ተባዕትም የተገደለችበትን እንስት ፍለጋ ሁለት ቀን ተከታትሎ ወደ ዳር መጣ። የተራቡት መርከበኞች ሥጋዋን በልተው ከሞት ዳኑ፤ ከስብርባሪው እንጨት ትንሽ መርከብ ሠርተውም በ1742 ወደ ካምቻትካ ተመለሱ። በዚህ ማንም አይወቅሳቸውም፤ ረኃብ የያዘው ሰው ያገኘውን ይበላል።

ወቀሳው የሚጀምረው ከዚያ ወዲያ ነው። መርከበኞቹ ይዘውት የመጡት የባሕር ኦተር ቁርበት ውድ ስለ ነበረ፥ አዳኞች ወደ ደሴቶቹ ጐረፉ፤ የባሕር ላምም ስንቃቸው ሆነች። ጥቂት ሰዎች ሆነው በጦር ስለሚወጓት፥ ብዙዎቹ እንደ ቈሰሉ ወደ ጥልቁ እየሸሹ፥ ሥጋቸው ለማንም ሳይጠቅም ይሞቱ ነበር።

ያኮቭሌቭ የተባለ የማዕድን መሐንዲስ ወደ እነዚህ ደሴቶች በሄደ ጊዜ፥ መዳብ ከሚገኝበት ደሴት የባሕር ላም ፈጽማ መጥፋቷን አየ። ስለዚህ በ1755 አደኑ እንዲገደብ ለካምቻትካ ባለሥልጣኖች አቤቱታ አቀረበ። አደኑ ግን አልቆመም። የመጨረሻይቱ በ1768 እንደ ተገደለች ተጽፏል፤ ይኸውም ስቴለር ካያት 27፥ አቤቱታው ከቀረበ 13 ዓመት በኋላ ነው።

ከወረቀት ጋር የምውል የመንግሥት ሠራተኛ እንደ መሆኔ መጠን፥ ከታሪኩ ሁሉ ልቤን የነካው ይህ አቤቱታ ነው። ጽሑፉ በጊዜው ቀርቧል፤ ጥፋቱ ተገልጿል፤ መፍትሔውም ተጠቍሟል። የጐደለው ዕውቀት ሳይሆን፥ ዕውቀቱን ወደ ሥራ የሚያወጣ ቍርጥ ትእዛዝ ነበር። «ይታያል» የተባለ ጉዳይ በመዝገብ ቤት መቶ ዓመት ሊቈይ ይችላል፤ ነፍስ ያለው ፍጥረት ግን ቀጠሮ አይጠብቅም።

የባሕር ላም የሥጋ ዘመድ የሆነው ዱጎንግ ዛሬም በቀይ ባሕር ይገኛል፤ ነገር ግን የዓሣ መረብና የሚግጠው ሣር መጥፋት ሕይወቱን አስጊ አድርገውታል። ስለ እርሱ የሚጻፈው ማስታወሻ ከጠረጴዛው የሚደርስ ባለሥልጣን ሁሉ፥ ብዕሩን ከማስቀመጡ በፊት የ1755ቱን አቤቱታ ያስታውስ ዘንድ ምኞቴ ነው።