አልደባራንና አቡሻክር

ትናንት ማታ ለቡ መብራት ኃይል፣ ከኮንዶሚኒየማችን በረንዳ ላይ አልደባራንን አየሁት። ቀላ ያለ፣ የታኅሣሥ ብርድ ያጠራው ኮከብ። ስሙ ዓረብኛ ነው፤ «ተከታዩ» ማለት፣ ኪማ የሚባሉትን ከዋክብት ተከትሎ ስለሚወጣ። ዓለም ዛሬም በዚያው ስም ይጠራዋል።

ከዓረብኛው ስም የተነሣ ወዲያው አቡሻክር ትዝ አለኝ። እኛ የትምህርት ስም አድርገነው እንጂ አቡሻክር ሰው ነው፤ ግብፃዊ ክርስቲያን፣ በአሮጌው ካይሮ የአል-ሙዐለቃ ቤተ ክርስቲያን ዲያቆን። የዘመን ቆጠራ መጽሐፉን በዓረብኛ የጻፈው እ.ኤ.አ. በ1257 ገደማ ነው። በ1259 ደግሞ ናሲር አል-ዲን አል-ጡሲ በፋርስ ምድር፣ መራጋ ላይ፣ ታላቁን የከዋክብት መመልከቻ ማሠራት ጀመረ። አንዱ ዲያቆን፣ ሌላው የእስልምና ሊቅ፤ ሁለቱም ስለ ሰማይ በዓረብኛ ጻፉ! ይህ ሁሌም ልቤን ይነካዋል።

የአቡሻክር መጽሐፍ ወደ ግዕዝ ተመልሶ ከዘመን ቆጠራችን፣ ከባሕረ ሐሳብ ጋር ተዋሐደ። አያቴ በጣታቸው አንጓ እየቆጠሩ፣ የባሕረ ሐሳብ ቁጥሮቹ አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 መሆናቸውን አሳይተውኛል። «አቡሻክር እንዲህ ይላል» ይሉ ነበር፤ ስለ ጎረቤታቸው እንደሚያወሩ ሁሉ።