ከተሞክሮዬ፦ ደባርቅ ላይ ቡችላ ማጠብ

ደባርቅ ከባሕር ወለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። እዚህ ውሻ ደጅ ጠባቂ ነው፤ ውጭ ያድራል፣ ማንም አያጥበውም። ከጎንደር ያመጣሁት ቡቺ ግን ፀጉሩ እንደ ጠቦት የተጠቀለለ ስለሆነ ጭቃውንም ቁንጫውንም ይዞ ይውላል። ሳፋና ጀሪካን ይዤ ስወጣ ያዩኝ ጎረቤቴ እትዬ፣ «ልጄ፣ ውሻን እኮ ዝናብ ያጥበዋል» ብለው ስቀውብኛል። ሙሉ በሙሉ አልተሳሳቱም።

1. ከባዱ ሥራ ማድረቁ ነው። መጀመሪያ ያጠብኩት ከሥራ ስመለስ፣ 11 ሰዓት ላይ ነበር። በፎጣ አሸት አሸት አድርጌ ደረቀ ብዬ ተውኩት። ፀሐይ ጠልቃ የተራራው ብርድ ሲወርድ ቡችላው ይንቀጠቀጥ ጀመር። ጣቴን ከፀጉሩ ሥር ባስገባ ቆዳው ገና ውኃ ነው። ጥቅል ፀጉር ላዩ ደርቆ ውስጡ ርጥብ ሆኖ ይቆያል፤ ትንሽ ቡችላ ደግሞ የገላውን ሙቀት እንደ ትልቅ ውሻ መጠበቅ አይችልም። በጋቢ ጠቅልዬ ታቅፌው አመሸሁ። አሁን ጠዋት 4 ሰዓት ላይ፣ ፀሐይ ባለበት ቀን ብቻ አጥበዋለሁ። ፎጣውን እየተጫንኩ ውኃውን አስመጥጣለሁ እንጂ አላሽም፤ ማሸት ፀጉሩን ያቋጥረዋል። ከዚያ ነፋስ በማይደርስበት ፀሐይ ላይ ፀጉሩን በጣቴ እየከፈልኩ ሥሩን አደርቃለሁ። የፀጉር ማድረቂያም መብራት ካለ፣ ለብ ባለ ሙቀትና ራቅ ተደርጎ ይረዳል። ከሰል አቀጣጥሎ በር መዝጋት ግን አይታሰብ፤ ሰውንም ይገድላል። በሐምሌና በነሐሴ ጭራሽ አላጥበውም፤ ጭቃው ሲደርቅ አበጥረዋለሁ። እትዬ ይህን ሲያዩ ደስ ይላቸዋል።

2. ማበጠር ከማጠብ ይቀድማል። ውኃ ቋጠሮውን ያላላዋል ብዬ ነበር፤ ጭራሽ አጠበቀው። የብብቱን ፀጉር በመቀስ ቆርጬ ሰንበት ብሎ እስኪያድግ ድረስ ሁለታችንም አፍረን ከረምን።

3. የልብስ ሳሙና ለልብስ ነው። በዱቄት ሳሙና አጥቤው ቆዳው ቀልቶ ሲያክ ሰነበተ። «እንዶድ አለልህ» ያለኝም ነበር። እንዶድ ጋቢ ያነጣል፤ ግን ዶክተር አክሊሉ ለማ የቢልሃርዝያ ቀንድ አውጣን እንደሚገድል የደረሱበት ያው ተክል ነውና ከቡችላ ዓይን አጠገብ አላደርሰውም። የውሻ ሻምፑ ካጣሁ ለብ ያለ ውኃ ብቻ ይበቃዋል።

4. ቁንጫ መኝታውንም ይወርሳል። ለእህል ነቀዝ የተገዛ መድኃኒት ልነሰንስበት ስል የእንስሳት ሐኪም አስቆመኝ፤ ቡችላው ሰውነቱን ሲልስ መርዙን ይውጠዋል። የቁንጫ እንቁላል ከፀጉሩ እየረገፈ መኝታው ላይ ይፈለፈላል። የሚተኛበትን ጆንያ በፈላ ውኃ ማጠብና ፀሐይ ላይ ማስጣት ከጀመርኩ ወዲህ ቁንጫው ቀነሰ።

5. ንጹሕ ውሻ የተከተበ ውሻ ማለት አይደለም። ቡቺ ነጭ ሆኖ ሲያበራ ሁሉን የጨረስኩ መስሎኝ ነበር፤ ክትባቱ ግን ቀርቶ ነበር። ከእኛ በላይ ባለው የሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ቀይ ቀበሮ ይኖራል፤ ከኢትዮጵያ ውጭ የትም የለም፣ አዋቂዎቹም ከ500 እንደማይበልጡ ይገመታል። ባሌ ላይ ከውሻ የተላለፈ የእብድ ውሻ በሽታ ቀበሮዎችን በተደጋጋሚ ፈጅቷል። ለልጆቻችንም የሚያሰጋው ይኸው በሽታ ነው። ቡችላችሁ 3 ወር ሲሞላው ከሳፋው በፊት ወደ እንስሳት ጤና ክሊኒክ ውሰዱት፤ ክትባቱንም ሐኪሙ በሚነግራችሁ ጊዜ አስደግሙለት።