«አይሆንም»

ወላጅ «አይሆንም» ካለ አይሆንም፤ ያደግንበት ሕግ ይኸው ነው። ባለፈው ክረምት ኩታበር ሄጄ ለአባባ በላፕቶፕ ድምፅ አልባ ፊልም ከፈትኩላቸው። በ1928 እ.ኤ.አ. የወጣው የባስተር ኪተን «ስቲምቦት ቢል ጁኒየር» ነው። ወጣቱ የአባቱን ባላንጣ ሴት ልጅ ይወዳል፤ ሁለቱም አባቶች እምቢ ይላሉ።

«ይቺማ አስተርጓሚ አያሻትም» አሉ አባባ።

የቤት ግድግዳ ተገንድሶ ሲወድቅበት፣ ልጁ በመስኮቱ ክፍተት ሲተርፍ ከት ብለው ሳቁ። በማዕበሉ መሀል ልጅቷን፣ አባቱን፣ አባቷንም አዳነ። ደግሞ ውኃ ውስጥ ዘሎ ገባ፤ ቄስ ጎትቶ መጣ!

አባባ አልሳቁም። ከሃያ ዓመት በፊት እህቴን ሊጠይቁ የመጡትን ሽማግሌዎች የመለሱት እሳቸው ናቸው።

«ያ ልጅ አገባ እንዴ?» አሉኝ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

«ሦስት ወልዷል፣ አባባ።»

ጓዳ እህቴ ቡና ትወቅጥ ነበር። ሙቀጫው ዝም አለ።