ሊብሬው በማን ስም ነው?

በሱዳን ዋና ከተማ በካርቱም፣ በደቡብ በኩል፣ አል-ሳሃፋ የሚባል ሰፊ ሰፈር አለ። ስሙን ወደ ቋንቋችን ብንመልሰው «ጋዜጠኝነት» እንደ ማለት ነው። እኔ ግን በዚያ ሰፈር ዐሥራ አንድ ዓመት ስኖር ሥራዬ ከብዕርና ከወረቀት ጋራ የተገናኘ አልነበረም። የአውቶሞቢል ጠጋኝ ነበርሁና እጄ ከዘይትና ከግራሶ ተለይቶ አያውቅም። አሠሪዬ ዕድሜአቸው ከሰባ ያለፈ ሱዳናዊ ሽማግሌ ነበሩ። ስማቸውን በጋዜጣ ለማውጣት ፈቃዳቸውን ስላልጠየቅሁ፣ እኛ ሐበሾች እንጠራቸው እንደ ነበረው «ሐጂ» እያልሁ እጽፋለሁ።

ሐጂ ከጋራዡ ግቢ በስተ ጓሮ፣ በአንዲት የኒም ዛፍ ጥላ ሥር፣ አረንጓዴ ቀለም የተቀባች አሮጌ ላንድ ሮቨር ነበረቻቸው። ከአርባ ዓመት በፊት ከኦምዱርማን ከአንድ ነጋዴ ገዝተዋት፣ ዳርፉር ድረስ በአሸዋ ላይ ነድተዋታል። ዓርብ ዓርብ ከስግደት ሲመለሱ ሞተሯን አስነሥተው ጥቂት ያዳምጧታል፤ ደግሞ ያጠፏታል። «የእንግሊዝ እጅ ነው፤ የእንግሊዝ ብረት አይዋሽም» ይሉ ነበር። እኔም ይህን ስሰማ ልቤ ይሞቅ ነበር፤ ምክንያቱም አባቴ ነፍሳቸውን ይማርና፣ በጎንደር ቆላ ላንድ ሮቨር ሲነዱ የኖሩ ሾፌር ስለ ነበሩ፣ ይህንኑ ቃል ከእሳቸው አፍ በሕፃንነቴ ሰምቼዋለሁ። እውነቱን ለመናገር አካሏ ብረት ሳይሆን አሉሚኒየም ነው። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በእንግሊዝ አገር ብረት በራሽን ይሰጥ ስለ ነበር፣ ሠሪዎቹ የአሉሚኒየም ቅይጥ ለመጠቀም ተገደዱ። ዝገት ያልበላት ስለዚህ ነው። ነገር ግን ይህን ለአባቴም ለሐጂም ነግሬ አላውቅም።

ሐጂ አንድ ወንድ ልጅ ነበራቸው። ተምሮ መሐንዲስ ከሆነ በኋላ ወደ አንድ የባሕረ ሰላጤ አገር ሄዶ በዚያው ቀረ። እናቱ በሞተች ጊዜ ለቀብር አልደረሰም፤ ምክንያቱ ምን እንደ ሆነ እኔ አላውቅም፤ አባትየው ግን ሊረሱለት አልቻሉም። በስልክ ሰላምታ ከመለዋወጥ በቀር ነገር አልነበራቸውም። በ2014 ዓ.ም. ይህ ልጅ ለአባቱ በፖርት ሱዳን በኩል አንድ አዲስ ላንድ ሮቨር ላከ፤ «ዲፌንደር» የሚባለውን አዲሱን ዓይነት ነው። ይቅርታ መለመኛው እንደ ሆነ ለማንም ግልጽ ነበር።

አውቶሞቢሉ የደረሰ ዕለት ጎረቤቱ ሁሉ ተሰበሰበ። ሻይና ቡና ተፈላ። ሐጂ ደስታቸውን ለመሰወር ቢጥሩም ዐይናቸው አሳበቀባቸው። እጃቸውን በመኪናው ደረት ላይ አድርገው «ይኸው እንግሊዝ ዛሬም እንግሊዝ ነው» አሉ። በዚህ ጊዜ ነው እኔ፣ ማንም ሳይጠይቀኝ፣ ዐዋቂ ለመባል ብዬ አፌን የከፈትሁት።

የዛሬ አውቶሞቢል የሻንሲ ቁጥር ዐሥራ ሰባት ፊደልና አኃዝ ያለው ነው። ፊተኞቹ ሦስቱ ሠሪውን ድርጅት፣ ዐሥራ አንደኛው ደግሞ ፋብሪካውን ያመለክታሉ። ቁጥሩን በመስታወቱ ሥር ጐንበስ ብዬ አነበብሁና በማስታወሻ ደብተሬ ጻፍሁት፤ ከዚያም በሰው ሁሉ ፊት፣ «ሐጂ፣ ይህ መኪና እንግሊዝን አላየም። የተሠራው ስሎቫኪያ በምትባል አገር፣ ኒትራ በምትባል ከተማ ነው። የድርጅቱም ባለቤት ከ2008 ጀምሮ የሕንዱ ታታ ነው» አልሁ። ከጎረቤቶቹ አንዱ ቀልደኛ፣ «እንግዲያ ልጅህ ራክሻ ልኮልሃል!» ብሎ ሳቀ። ራክሻ እኛ ባጃጅ የምንለው ባለ ሦስት እግሩ ነው። ሰው ሁሉ ሳቀ። ሐጂ ግን አልሳቁም። እንግዶቹ ከሄዱ በኋላ መኪናውን በሸራ አልብሰው ወደ ቤታቸው ገቡ፤ ልጃቸው ያን ማታ ሦስት ጊዜ ቢደውል አላነሡም።

የተናገርሁት ሐሰት አልነበረም። ነገር ግን የነገሩን ሩብ ብቻ ተናግሬ ነበርና፣ የቀረውን ለአንባብያን እዚህ ላይ ላስፍር። የውጭውን ታሪክ በአውሮፓውያን አቈጣጠር እጽፋለሁ።

ላንድ ሮቨርን ያሰበው የሮቨር ኩባንያ መሐንዲስ ሞሪስ ዊልክስ ነው። በዌልስ፣ በአንግልሲ ደሴት እርሻ ነበረው፤ በዚያም ከጦርነቱ የተረፈች የአሜሪካን ጂፕ ይነዳ ነበር። ጂፒቱ ብታረጅ ምን ይተካታል ብሎ ሲያስብ፣ ራሳችን ለምን አንሠራም አለ። በ1947 የመጀመሪያዋ ሙከራ በጂፕ ሻንሲ ላይ ተሠራች፤ ሚያዝያ 30 ቀን 1948 በአምስተርዳም ትርኢት ለሕዝብ ታየች። ፋብሪካው በበርሚንግሃም አጠገብ ባለችው በሶሊሁል ነበር፤ ዛሬም ሬንጅ ሮቨር የሚባለው ውድ ዓይነት በዚያው ይሠራል። እንግዲህ የእንግሊዝ ኩራት የተባለው መኪና ከመነሻው በአሜሪካን አጥንት ላይ የተፀነሰ ነው ማለት ነው።

ባለቤትነቱ ደግሞ እንደ ገበያ ፈረስ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ ኖሯል። በ1967 ሮቨር ወደ ሌይላንድ ተጠቃለለ። በሚከተለው ዓመት ብሪትሽ ሌይላንድ የተባለው ታላቅ ድርጅት ተቋቋመ፤ እሱም ዕዳ በዛበትና በ1975 የእንግሊዝ መንግሥት ወረሰው። በ1988 አውሮፕላን ሠሪው ብሪትሽ ኤሮስፔስ ገዛው፤ በ1994 ጀርመኖቹ ቢ ኤም ደብልዩ ወሰዱት፤ እነሱም በ2000 ላንድ ሮቨርን ለይተው ለአሜሪካው ለፎርድ ሸጡት። ፎርድ በተራው ሰኔ 2 ቀን 2008 ጃጓርንና ላንድ ሮቨርን ባንድነት በ2.3 ቢሊዮን ዶላር ለታታ ሞተርስ አስረከበ። ከዚህ ሁሉ እኔን የሚደንቀኝ ይህ ነው፤ ዊልክስ ሙከራውን በሠራበት በዚያው በ1947 ሕንድ ከእንግሊዝ ግዛት ነፃ ወጣች። ስድሳ አንድ ዓመት ቈይቶ የተገዢው አገር ድርጅት የገዢውን አገር መኪና ገዛ። ታታ ደግሞ የትናንት ሀብታም አይደለም፤ ቤቱ በቦምቤይ የተመሠረተው በ1868 ነው። ከበላይ ድርጅቱ ድርሻ ሁለት ሦስተኛ ያህሉ የተያዘውም ለትምህርት ቤትና ለሐኪም ቤት በሚረዱ የበጎ አድራጎት ማኅበሮች ነው።

ፋብሪካዎቹም ተበትነዋል። በእንግሊዝ ሶሊሁልና ሄይልውድ፣ በቻይና ቻንግሹ፣ ከ2018 ጀምሮ ደግሞ በስሎቫኪያ ኒትራ፣ በሕንድም ፑኔ በምትባለው ከተማ የሚገጣጠሙ አሉ። የባጃጅ ኩባንያ ዋና መሥሪያ ቤትም እዚያችው ፑኔ ነውና፣ ያ ቀልደኛ ጎረቤት ሳያውቀው ወደ እውነት ቀርቦ ነበር። አባቴ የሚያውቁት ዓይነት ጥንታዊው ላንድ ሮቨር በሶሊሁል መሠራቱ ያበቃው ጥር 29 ቀን 2016 ነው።

ይህን ሁሉ ለሐጂ ላስረዳ ብሞክርም አልሰሙኝም። አዲሱ መኪና ከሸራው ሥር ሳይነካ ብዙ ወር ከረመ። ልጁ ለእኔ እየደወለ «አባቴ ምን ሆነብኝ?» ይለኛል። እኔም ጥፋቱ የኔ መሆኑን መናገር አፍሬ «ደኅና ናቸው» እላለሁ። በዚያ ወራት እንቅልፍ የነሣኝ ነገር ይህ ነበር። ባለቤቴ አንድ ቀን፣ «አፍህ ያበላሸውን እጅህ ያቃናዋል ብለህ ነው ዝም የምትለው?» አለችኝ።

እንዳለችውም ሆነ። በ2015 ዓ.ም. በየካቲት ወር የአሮጌዪቱ ላንድ ሮቨር ሞተሪኖ አልሽከረከር ብሎ አወረድሁት። የእንግሊዝ ላንድ ሮቨር ሞተሪኖና ዲናሞ ብዙውን ጊዜ «ሉካስ» የሚል ጽሑፍ አለው። ይህ ግን «ፌምሳ» ይላል። ምናልባት ሌላ ተገጥሞላት ይሆናል ብዬ ዲናሞውን አየሁ፤ እሱም ፌምሳ ነው። ነገሩ ቢያጠራጥረኝ መብራት ይዤ ውስጧን መረመርሁ። ከመሪው በስተ ጀርባ አረንጓዴ ቀለም በላዩ ላይ የተደረበበት ትንሽ የብረት ሰሌዳ አገኘሁ። በቤንዚንና በጨርቅ ቀስ ብዬ ባጸዳው «ሳንታና» የሚል፣ ዝቅ ብሎም «ሊናሬስ» የሚል ጽሑፍ ወጣ።

በስፓኝ አገር፣ በሊናሬስ ከተማ፣ ሳንታና የተባለ ፋብሪካ ከ1958 ጀምሮ በእንግሊዞቹ ፈቃድ ላንድ ሮቨር ይሠራ ነበር። ሐጂ አርባ ዓመት ሙሉ የእንግሊዝ እጅ እያሉ ያመሰገኗት መኪና ስፓኛዊት ነበረች።

ሁለት ቀን ዝም አልሁ። ብነግራቸው በልጃቸው ስጦታ ላይ ያነሡት ነቀፋ ከንቱ መሆኑ ይገባቸዋል፤ ነገር ግን አንዲት የቀረቻቸውን ደስታ እነጥቃቸዋለሁ። ደግሞ ከዚህ ቀደም ባለመጠየቄ የተናገርሁት ምን እንዳመጣ አይቻለሁ። በሦስተኛው ቀን፣ ማንም ሰው በሌለበት ማታ፣ ቡና አስፈልቼ ከጎናቸው ተቀመጥሁና፣ «ሐጂ፣ ስለ አሮጌዪቱ አንድ ነገር አግኝቻለሁ፤ ካልፈቀዱ ግን አልናገርም» አልሁ። «ተናገር ልጄ» አሉኝ። ሰሌዳውን አሳየኋቸው። መነጽራቸውን አድርገው ብዙ ጊዜ ተመለከቱትና፣ «ሊናሬስ ወዴት ነው?» አሉ።

«በስፓኝ ደቡብ ነው። አገሩን አንዳሉሲያ ይሉታል።»

ሐጂ ቀና አሉ። «አንዳሉስ?» አሉ፤ ድምፃቸው ተለወጠ። «የነ ቁርጡባ፣ የነ ገርናጣ አገር? አርባ ዓመት ሙሉ ከአንዳሉስ የመጣች መኪና በግቢዬ አስቀምጬ እንግሊዝ እያልሁ ስሰድባት ኖርሁ?» ብለው ዕንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። እኔ የፈራሁት ኀዘን ነበር፤ የመጣው ግን ያላሰብሁት ነው። ያን ማታ በግድግዳው በኩል ከልጃቸው ጋራ በስልክ ሲነጋገሩ ሰማሁ። ንግግሩ ረዥም ነበር፤ ከሁሉ የተረዳኝ «አንዳሉስ» የሚለው ቃል ብቻ ነው። በማግሥቱ ሸራው ተነሣ።

በአዲሱ መኪና ለመንሸራሸር ግን ብዙ ዕድሜ አላገኙም። ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. ቀዳም ስዑር ነበር። ባለቤቴ ለፋሲካ ዶሮ ገዝታ፣ ሽንኩርት እየላጠች ሳለ ከስፖርት ከተማ በኩል የተኵስ ድምፅ ተሰማ። እስላሙ የረመዳንን ጾም፣ እኛ የሁዳዴን ጾም ይዘን አብረን መሬት ላይ ተኛን። ውሃና መብራት ጠፋ። በዘጠነኛው ቀን ሐጂ፣ «እንሂድ» አሉ። እኔ ወደ አዲሱ መኪና ሄድሁ፤ ፈጣንም ምቹም ነውና። እሳቸው ግን፣ «እሱን ያዩታል። አሮጊቷን ማንም አይመኛትም» አሉኝ።

እውነት አላቸው። ሐጂና እኅታቸው፣ እኔ፣ ባለቤቴና ሁለቱ ልጆቼ በአሮጌዪቱ ተሳፈርን። መሣሪያ የያዙ ወጣቶች አራት ጊዜ አስቆሙን፤ በየጊዜው መኪናዪቱን አይተው ስቀው አሳለፉን። ወደ ዋድ መዳኒ በሚወስደው መንገድ ጊያድ የተባለውን የመኪና መገጣጠሚያ አልፈን፣ በሁለተኛው ቀን ገዳሪፍ ደረስን። ሐጂ በዚያ ዘመድ ስላላቸው ቀሩ። እኛ በጋላባት በኩል ድልድዩን ተሻግረን መተማ ዮሐንስ ገባን። ስንሰነባበት ለሠራሁበት የሁለት ወር ደመወዝ ከኪሳቸው አውጥተው ሰጡኝ፤ ለነዳጁ ግን አልተቀበሉኝም።

አዲሱ መኪና እኛ በወጣን በሳምንቱ ከግቢው እንደ ተወሰደ ጎረቤት ነገረን። በመጋቢት 2017 ዓ.ም. የሱዳን ጦር ካርቱምን መልሶ ከያዘ በኋላ፣ ሐጂ ከገዳሪፍ ደወሉልኝ። ልጃቸው ሊጠይቃቸው መጥቶ ከጎናቸው ተቀምጧል። የጠፉ መኪናዎችን ለማስመዝገብ ማመልከቻ ሊያገቡ ነው፤ ነገር ግን ወረቀቱ ሁሉ ከቤቱ ጋራ ጠፍቷል።

«አንተ የባለቤት ዐዋቂ!» አሉኝ። «የእንግሊዝ ነው፣ የሕንድ ነው፣ የስሎቫኪያ ነው ብለኸኝ ነበር። አሁን የማን ነው?»

«የእርስዎ ነው፤ ሊብሬው በእርስዎ ስም ነው» አልኋቸው።

«ሊብሬው የለም እኮ ልጄ።»

ያን ዕለት በእንግዶች ፊት ለመታየት ብዬ የጻፍሁበት ደብተር ከልብሳችን ጋራ ጎንደር ድረስ መጥቶ ነበር። ከሣጥኑ ሥር ፈልጌ አወጣሁትና ዐሥራ ሰባቱን ፊደልና አኃዝ አንድ በአንድ አነበብሁላቸው። ልጃቸው እየተቀበለ ጻፈ። ዐሥራ አንደኛው ላይ ስደርስ ሐጂ አስቆሙኝና፣ «ፋብሪካው እዚህ ላይ ነው አይደል?» ብለው ጠየቁኝ፤ አዎን አልሁና ቀጠልሁ።