የድንበር ድንጋዩ ሽበት

ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ በዓመት አንዴ ወደ ትውልድ አገሬ ዳምቦያ መሄድ ልማዴ ሆኗል። ከአዲስ አበባ በቡታጅራ አድርጌ ስሄድ ጢያ ላይ ሳልወርድ አላልፍም። በ1980 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የተመዘገቡትን ትክል ድንጋዮች የሚጎበኝ ሰው የተቀረጸውን ሰይፍ ይቆጥራል። የእኔ ዓይን የሚያርፈው ግን ድንጋዩ ላይ በተለጠፈው ግራጫና ቢጫማ ጠቃጠቆ ላይ ነው። የነርስ ዓይን አይለቅምና፣ ቋቁቻ የያዘው ቆዳ ይመስለኛል።

የድንጋይ ሽበት የምንለው ነው፤ በሳይንሱ ስም ላይከን። አንድ ተክል ይመስላል እንጂ አይደለም፤ ፈንገስና አልጌ አብረው የመሠረቱት ትዳር ነው። ፈንገሱ ቤት ይሆናል፣ አልጌው በፀሐይ ብርሃን ምግብ ይሠራል። ሲሞን ሽቬንደነር የተባለ የስዊስ ሊቅ በ1867 እ.ኤ.አ. ይህን ሲናገር ብዙዎቹ የሙያ ባልደረቦቹ አልተቀበሉትም ነበር።

እንደ ቅርፊት የሚለጠፈው ዓይነት ድንጋዩን ካልፈለጡት አይነሳም። በሰሜን አውሮፓ ጠረፍ፣ የባሕር ውሃ በሚረጨው ዓለት ላይ፣ ጥቁሩ ከታች ብርቱካናማው ከላይ ሆኖ እንደ ጥለት ተዘርግቶ ይታያል። እኛ የጤና ሰዎችም ባለዕዳው ነን። አሲድ ሲነካው የሚቀላው የሊትመስ ወረቀት ቀለሙ ጥንት የሚወጣው ከላይከን ነበር፤ ብዙውም የሚለቀመው ከባሕር ጠረፍ ዓለት ላይ ነው። በወጣትነቴ ስንት ጊዜ ሽንት ውስጥ ነክሬዋለሁ፤ ከየት እንደመጣ ግን የነገረኝ አልነበረም።

ዳምቦያ ባሕር የለም። እንሰት፣ ባሕር ዛፍና ሰው አለ። ከምባታ መሬቱ ጠባብ፣ ሕዝቡ ብዙ ነውና የድንበር ድንጋይ ቀልድ አይደለም። ያኔ ስደርስ ጎረቤታችን ታላቅ ወንድሜን ለሽማግሌ ከሶት ጠበቀኝ። «ድንጋዩን ወደ እኔ ገፍቶታል» ነው ክሱ። ወንድሜ ደግሞ «አባታችን ከተከለው ወዲህ ማንም አልነካውም» ብሎ ለመማል ተዘጋጅቷል።

በማግስቱ ጠዋት ብቻዬን ሄጄ አየሁት። በዙሪያው ያሉት ድንጋዮች ሁሉ ሸብተዋል። እሱ ግን አናቱ ባዶ ነው፣ የአፈር እድፍ ብቻ። ጎንበስ ብዬ እጄን ከሥሩ ሰደድኩ፤ ሻካራው ቅርፊት እዚያ ነበር፣ መሬት ተጭኖት። ላይከን ያለ ብርሃን አይኖርም። ብዙው በዓመት አንድ ሚሊ ሜትር እንኳ ስለማያድግ፣ የጥፍር ያህል ለመስፋት ዓመታት ይፈጅበታል። ድንጋዩ ተገልብጧል፣ ያውም በቅርቡ። ሁለት እርምጃ ወደ እኛ በኩል ደግሞ ሣር ያልሸፈነው ጉድጓድ አለ።

ቤት ገብቼ ቡናው እስኪፈላ ዝም አልኩ። ሠላሳ ዓመት ለሰው መጥፎ ውጤት ስነግር ኖሬ፣ ለገዛ ወንድሜ ከበደኝ።

«ጋሼ፣ ድንጋዩ ተገልብጧል» አልኩት።

«ማን አለሽ?»

«ሽበቱ ከሥር ነው።»

ስኒውን አስቀመጠና ወጣ። ማታ ሲመለስ «ልጆቹ ሲያርሱ ገፍተውት ይሆናል» አለኝ።

«እንደዚያ ብለህ ንገራቸዋ።»

መልስ አልሰጠኝም። ሁለት ቀን አላናገረኝም፤ የወንድሜ ሚስትም ጥፋቱ የእኔ ይመስል በጎሪጥ ታየኝ ነበር። ቅዳሜ ሽማግሌዎቹ ሲቀመጡ ግን፣ መሐላው ሳይነሳ፣ ቀድሞ የተናገረው እሱ ነው።

ድንጋዩን ሁለቱ ተጋግዘው ወደ ጉድጓዱ መለሱት። ሽበቱን ወደ ላይ እንዲያደርጉት ለመንኳቸው። መሐሉ አመድ መስሏል፤ ጠርዙ ላይ ግን ሕይወት ያለ መሰለኝ። በጣሳ ውሃ አምጥቼ ጠብ ጠብ ሳደርግበት ጠርዙ አረንጓዴ እያለ መጣ።

«ደግሞ ድንጋይ ማጠጣት ጀመርሽ?» አለ ወንድሜ፣ ከስንት ቀን በኋላ እየሳቀ።